አውድማው ላይ የተቀመጠው መርፌ

ግንቦት 29 ቀን 1930 ዓ.ም.፣ ረፋድ

ገለባ ሳመላልስ ይኸው ሦስተኛዬ። አንገቴ ያሳክካል፤ ጀርባዬ ያሳክካል። እማዬ ክረምቱ ሳይገባ የጎተራውን ግድግዳ ልትመርግ ጭቃ ታቦካለች፤ አውድማው ዳር ካለው ክምር ገለባ የምሸከም እኔ ብቻ። ወንድሜ ደሴ ጫካ ነው። አባዬ ደግሞ መሪጌታ ናቸው። መሪጌታ ገለባ አይሸከምም። የት ላይ እንደተጻፈ ጠየቅኋቸው፤ አላሳዩኝም።

አንተ ደብተር፣ የማን እንደነበርህ አትርሳ። የደሴ ነበርህ፤ ደ/ማርቆስ ተማሪ ቤት የገባ ጊዜ የተሰጠህ። ጣሊያን መጣ፣ ተማሪ ቤቱ ተዘጋ፣ እሱ አርበኞች ዘንድ ገባ፣ አንተ እኔ እጅ ወደቅህ። ፊት ፊት ገጾችህ ላይ የሱ መደመርና መቀነስ አለ። ግማሹ ስሕተት ነው። ጥይትም የሚቆጥረው እንዲህ ከሆነ እግዜር ይሁነው።

አዲስ ነገር፦ ከይጁቤ በኩል ካሚዮን መጣ። የጣሊያን ምሽግ አዛዥ ካፒታኖው፣ አስተርጓሚው፣ ወታደሮች፣ ደግሞም አንድ ቀጭን ሽበታም ፈረንጅ። ቀበቶ የለውም፤ ሱሪውን በገመድ አስሯል። ጫማው ሸራ ነው። ባላምባራስ ይግዛው (ከእንግዲህ ባ/ራስ፤ ቀለሜን አልጨርስም) የመንደራችን ሽማግሌ ናቸው፤ የማያውቁት ነገር የለም። «እስረኛ ነው። የፈረንጅ እስረኛ እንዲህ ነው የሚታሰር» አሉ። ወዲያው ካፒታኖው ለእስረኛው እጁን ግንባሩ ላይ አድርጎ ሰላምታ ሰጠ። ባ/ራስ ለአፍታም አልደነገጡ። «አላልኋችሁም? ትልቅ ሰው ነው።»

ግንቦት 30፣ ማታ ሳይመሽ

ተሰበሰብን። ባለ ገመዱ ሰውዬ ፕሮፌሶሬ ይባላል። (ፕሮ.) እንደ አስተርጓሚው አነጋገር፣ አገራቸው ውስጥ የሊቃውንት ማኅበር አለ። ይህ ማኅበር መሬት አይፈልግም፣ እህል አይፈልግም። የሚፈልገው የምድርን የማግኔት ኃይል ማወቅ ነው፤ ያውም የአፍሪካን በሙሉ፣ ከሰሜኑ ባሕር እስከ ደቡቡ ጫፍ። በየአገሩ አንድ አንድ ቦታ ይመረጣል፤ እዚያ ሰው ከመርፌ ጋር ይቀመጣል፤ መርፌው ወዴት እንዳየ ይጽፋል። ከኛ አገር የተመረጠው የኛ አውድማ ነው።

እናመሰግናለን እንበል?

ለምን አውድማው? መርፌው ብረት አጠገቡ ካለ ይሳሳታል። አስተርጓሚው ደግሞ የዚሁ አገር ሰው ነውና ነግሮታል፦ እኛ ዘንድ አውድማ የተከበረ ነው፤ ጫማ አይገባበትም፣ ብረት አይጣልበትም፣ አፈሩ አይቆፈርም፤ የሚረግጠው በሬ ብቻ ነው። ስለዚህ ከአገሩ ሁሉ ከብረት የጸዳ አውድማ ነው ብሎ ደመደመ። ጨዋነታችን ለዚህ በቃን።

የሚቀጥለው ደግሞ ይኸውልህ። ሥራው እስኪያልቅ መንደሩ ውስጥ ያለ ብረት በሙሉ ተሰብስቦ ወደ ምሽጉ ይሂድ። ማረሻ፣ ወገል፣ ዶማ፣ ማጭድ፣ ምሳር፣ ቢላዋ። ለጥቂት ቀን ነው፤ ይመለሳል።

ነገ ሰኔ ነው! ዝናቡ ተራራው ላይ ተቀምጦ እኛን እያየ ነው። ማሳው አንዴ ብቻ ነው የታረሰው፤ ሦስቴ ሳይደገም ጤፍ አይዘራበትም። ሰኔና ሰኞ ሲገጥም መዓት ነው ይላሉ ሽማግሌዎቹ። ዘንድሮ ሰኔ የሚገባው ሮብ ነው ብለው ደስ ብሏቸው ነበር። ሰኔና ጣሊያን ሲገጥምስ?

አሁን ጆሮህን ወዲህ አምጣ። አውድማው ዳር፣ ገለባ የማመጣበት ክምር ሥር፣ የደሴ ሦስት ምንሽር ጠመንጃ ተቀብሯል። በበሬ ቆዳ ተጠቅልሎ፣ ቅቤ ተቀብቶ። የምናውቀው ባ/ራስ፣ አባዬ፣ እማዬና እኔ ነን። (ቅቤውን ያመጣሁ እኔ።) ቦታውን የመረጡት ባ/ራስ ናቸው። ለምን? አውድማ አይቆፈርምና ማንም አይጠረጥርም ብለው። ሁለቱ ሊቃውንት፣ የሮማውና የኛው፣ አንድ ዓይነት ነገር አስበው አንድ ቦታ ላይ ተገናኙ።

ሰኔ 1፣ ቀትር

ለቀሙን። በር ለበር። የእማዬን ማረሻ፣ ዶማ፣ ቢላዋ፣ የስፌት ወስፌዋን ሳይቀር። ወስፌ! ሞሰብ የምትሰፋበት፣ የጣቴን ግማሽ የማታህል ነገር አፍሪካን ታሳስታለች።

የባ/ራስ ዘንግ ጫፉ ላይ ብረት አለው። ነጠቋቸው። ለአንድ ልዑል ጋሻ የያዙበትን ዘመቻ እስከ መጨረሻው ተረኩ፤ ወታደሮቹ ዘንጉን ካሚዮን ላይ ወርውረው ሄዱ፤ እሳቸው ግን ታሪኩን ለአጥሩ ጨረሱለት።

ቀጥቃጩ አያ ሙላቱ መዶሻውን፣ መስፉን፣ ጉጠቱን ሁሉ ተነጠቀ። ፕሮ. ትንሽ መርፌ በብልቃጥ ይዞ የሙላቱን ግቢ ዞረ። ጓሮ የተከመረው ጥራጊ ዘንድ፣ ብረት ሲጋል የሚወጣው የብረት አር የሚባለው ጥቁር ዝቃጭ ዘንድ ሲደርስ መርፌዋ አበደች፤ እንደ ሰካራም ዞረች። ክምሩ ከአያት ከቅድመ አያት ጀምሮ የተጠራቀመ ነው፣ በካሚዮን አያልቅም። ራቅ ስላለ ይቅር አለ።

የሴቶቹን የብር መስቀል ፕሮ. አየና አያስፈልግም አለ፤ ብር መርፌውን አይስበውም። አስተርጓሚውን ግን ስቦታል። የጎረቤታችንን የእትዬ ጥሩነሽን መስቀል ኪሱ ሲከት አይቻለሁ።

የምትገርመኝ እማዬ ናት። ማረሻውን ስትሰጥ አልተከራከረችም። ለአንድ እንቁላል ከገበያ ሴት ጋር ግማሽ ቀን የምትከራከር ሴት።

ሰኔ 3፣ ረፋድ

መርፌውን አየሁት። አይተህ አትጠግበውም። ገለባ ልወስድ ስሄድ ፕሮ. በእጁ ጠራኝ፤ ጸጉሬን፣ ወገቤን በትንሿ መርፌ ፈተሸና አስገባኝ። ድንኳኑ ውስጥ የናስ ሣጥን፣ በሣጥኑ መስታወት፣ ከመስታወቱ ኋላ በሐር ክር የተንጠለጠለ መርፌ። ይንቀጠቀጣል፣ ይፈልጋል፣ ይፈልጋል፣ ከዚያ ወደ ሰሜን ዞሮ ዝም ይላል። ማንም ሳይነካው። ምድር እያዘዘችው።

ማማሩ አናደደኝ። አስቀያሚ ቢሆን ይቀለኝ ነበር።

አንተ ደብተር፣ ሌላም የሚያስቅ ነገር አለ። ጠባቂዎቹ ወታደሮች ድንኳኑ አጠገብ መቆም አይችሉም። ጫማቸው ምስማር አለው፣ ጠመንጃቸው ብረት ነው። ራቅ ብለው ግራር ሥር ተቀምጠው ያዛጋሉ። ድንኳኑን የሚጠብቀው መርፌው ራሱ ነው።

ግን ፕሮ. ደስ አላለውም። ሣጥኑን በአውድማው መሀል ያስቀምጣል፣ ይጽፋል። ወደ ክምሩ ጠጋ አድርጎ ያስቀምጣል፣ ይጽፋል። ሁለቱን ያስተያያል። ራሱን ይነቀንቃል። ወደ ክምሩ ሲጠጋ መርፌው ከሰሜን ትንሽ ፈቀቅ ይላል። ለምን እንደሆነ እኔ አውቃለሁ። 

ሰኔ 4፣ ቅዳሜ፣ ዝናብ

ካፒታኖው መጣ። ፕሮፌሶሬ ሥራውን መጨረስ አልቻለም፤ እዚህ መንደር የተደበቀ ብረት አለ፤ እስኪወጣ ድረስ አንድ ማረሻ አይመለስም። ይኸው ነው። ተሳፍሮ ሄደ።

ዝናቡ ደግሞ ዛሬ መጣልህ። እንደ ልቡ። ማሳው ለስልሶ ይጣራል። የጎረቤታችን ልጆች በሬ ጠምደው ብረት በሌለው በባዶ ድግር ሞከሩ። መሬቱን እንደ ድመት ቧጨሩት።

ሽማግሌዎቹ ሾላው ሥር ተቀመጡ። ቀኑን ሙሉ። አንዱ፣ መርፌው የምድሪቱን ጉልበት ስቦ ወደ ሮማ ይልካል አለ። አንዱ፣ ወርቅ ፍለጋ ነው አለ። አባዬ ስለ ሰማይና ምድር ዘንግ ከመጻሕፍት ጠቀሱ፤ ማንም አልገባውም፤ ሁሉም አጨበጨበ። ባ/ራስ፣ ነገሩን በጥልቅ ማየት ያስፈልጋል አሉ።

በጥልቅ! ክምሩ ሥር ክንድ ያህል ቢያዩ ይበቃ ነበር! አባዬና ባ/ራስ እያወቁ እዚያ ተቀምጠው ራሳቸውን ይነቀንቃሉ። የሰው እርሻ በጺማቸው ሥር እያለፈ ነው። ቂጣ አቅርቢላቸው ተባልኩ። አቀረብኩ። ጨው አልጨመርኩበትም። ማንም አላስተዋለም።

ሰኔ 6፣ ሰኞ

የሰኔ ጾም ገባ። ባ/ራስ ከጥዋቱ ተርበዋል።

ተናገርኩ። አባዬና ባ/ራስ ቤታችን ደጃፍ ተቀምጠው ነበር። ውኃ ላቀርብ ወጥቼ ማንቆርቆሪያውን አስቀመጥኩና አልተመለስኩም። መርፌው የሚያየው ምንሽሮቹን ነው፤ ካልተነሡ ማረሻ የለም፤ ማረሻ ከሌለ ጤፍ የለም አልኳቸው። አባዬ ዙሪያውን ተመለከቱ። ባ/ራስ ጋቢያቸውን ሰበሰቡ።

«ለደሴ ቃሌን ሰጥቻለሁ። እኔ ሳልሞት ከዚያ አይነሡም።»

«እንግዲያው ይሙቱልና፣ ባላምባራስ።»

አባዬ በዓይናቸው ገደሉኝ። እማዬ ግን ከጓዳ ሳቀች። ጭቃ በእጇ እንዳለ ወጥታ በሩን ተደገፈች።

«እውነቷን እኮ ነው። ሙሉ በሙሉ ባይሆንም ግማሽ ይሙቱ።»

እኔም ከእማዬ ቃል ተነሥቼ ሐሳቤን ዘረዘርሁላቸው፦ በጽኑ የታመመ ሰው በቃሬዛ ወደ ሚካኤል ጠበል ይወሰዳል። መንገዱ በአውድማው ዳር ያልፋል። ተሸካሚዎች ክምሩ ጥላ ሥር ማረፋቸው የተለመደ ነው። ሴቶች ቃሬዛውን ከበው ያለቅሳሉ፤ ሴት ሲያለቅስ ማን ያያል? ያኔ ምንሽሮቹ ከክምሩ ሥር ወጥተው በሽተኛው ሥር ይገባሉ። ጠበሉ ሸለቆው ውስጥ ነው፤ የደሴ ሰዎች ከዚያ ይቀበላሉ። በሽታው ተስቦ ይሁን። ጣሊያን ከጥይት ይልቅ ተስቦ ይፈራል።

አባዬ መዋሸት አልችልም አሉ። አይዋሹም፣ ዳዊት ብቻ ይደግማሉ አልኳቸው።  ባ/ራስ ቃሬዛው ላይ ትራስ ይኖራል ወይ ብለው ጠየቁ።

ሰኔ 9

እማዬ ደ/ኤልያስ ገበያ ጨው ልትገዛ ብላ ሄዳ መልእክቱን ለደሴ ሰው ነግራ ተመለሰች። ጨውም አምጥታለች። ምንም ነገር በባዶ አትሠራም።

እኔ ገለባ። ከማንም የበለጠ ገለባ። በየምልልሱ ክምሩ ሥር ተንበርክኬ አፈሩን በእጄ እፈታለሁ፤ ላዩ ላይ ገለባ እመልሳለሁ። ዛሬ ጣቴ ቆዳውን ነካ። ፕሮ. ከድንኳኑ ሆኖ አየኝና እጁን አውለበለበ። አውለበለብኩለት። ምን ላድርግ?

ባ/ራስ ማቃሰት እየተለማመዱ ነው። ወየው። በመጀመሪያ ላም ስትወልድ የምታሰማው ነበር። እትዬ ጥሩነሽ ሳቅ ይዟት መሬት ተቀመጠች። ዝቅ ያድርጉት አልናቸው፤ ሲያንኮራፉ የሚያሰሙት ሆነ። በኋላ እማዬ፣ ባላምባራስ፣ ተስቦ የያዘው ሰው ብዙ አያወራም፣ ዝም ብለው ይተኙ አለቻቸው። ቅር አላቸው። ሕይወታቸውን ሙሉ ዝም በሉ ተብለው የማያውቁ ሰው።

ሳቅኩ ብዬ እንዳትሳሳት። ዝናቡ እየወረደ ነው። እያንዳንዱ ጠብታ ማሳችን ላይ ሳይሆን እኔ ላይ የሚወርድ ይመስለኛል። ደሴም ቢያዝ በማን ሐሳብ ነው የሚያዘው? በኔ።

ሰኔ 12፣ ሚካኤል፣ ከቀትር በኋላ

እየተጣደፍሁ ነው የምጽፍ፤ ፊደሌን ይቅር በለኝ።

አራት ጎረቤቶች ተሸከሟቸው። አባዬ ከፊት፣ የእንጨት መስቀል ይዘው፣ ዳዊት እየደገሙ። እኛ ሴቶች ከኋላ። ባ/ራስ እስከ አፍንጫቸው ተሸፍነው። ክምሩ ሥር ተቀመጡ። እትዬ ጥሩነሽ ለቅሶዋን አነሣች፤ የመስቀሏን ነው ያለቀሰችው መሰለኝ፤ እውነተኛ እንባ ነበር። ሴቶቹ ነጠላቸውን ዘርግተው ቆሙ። ተንበረከክሁ። አፈር፣ ገለባ፣ ቆዳ። እማዬ ጎተተች፣ እኔ ገፋሁ። አንድ። ሁለት። ሦስተኛው ቆዳው ተይዞ እምቢ አለ። ባ/ራስ ከላይ ሆነው በሹክሹክታ፣ ወደ ግራ ጠምዝዢው፣ እኔ ነኝ የቀበርኩት አሉ። የሞተ ሰው ትዕዛዝ ሰጠ። ጠመዘዝሁ፤ ወጣ። ሥራቸው ገባ።

ተነሡ። መንገዱ ከድንኳኑ ጥቂት ርምጃ ነው። ስናልፍ ከውስጥ ድምፅ ሰማሁ፤ እንደ መሳደብ ያለ። ፕሮ. ወጣ። መነጽሩን ግንባሩ ላይ ሰቅሏል። ቃሬዛውን አየ። ወደ ድንኳኑ ዞሮ መርፌውን አየ። ደግሞ ቃሬዛውን አየ። አስተርጓሚው ሮጦ መጣና ምን ሆነው ነው አለ። እማዬ፣ ተስቦ ነው፣ የኔ ጌታ፣ ይራቁ አለችው። እስከ ግራሩ ድረስ ራቀ። ወታደሮቹም ከግራሩ ወዲያ ራቁ።

ፕሮ. ግን አልራቀም። እኔን አየኝ። ጉልበቴ ላይ ትኩስ አፈር አለ። ጥፍሬ ውስጥ አፈር አለ። የአባዬ ድምፅ አልተሰበረም፤ መዝሙሩን ቀጠሉ፤ ያን ጊዜ ኮራሁባቸው፤ ለአንተ ብቻ ነው የምነግርህ። ፕሮ. በእጁ፣ ሂዱ፣ ሂዱ አለ፤ ዝንብ እንደሚያባርር። ገባ።

ሄድን። ሸለቆው ውስጥ ሦስት ሰዎች ነበሩ። ደሴ አልነበረም። ምንሽሮቹን ወስደው ጫካ ገቡ። ባ/ራስ ከቃሬዛው ተነሥተው፣ እዚህ ድረስ መጥቼ ጠበል ሳልጠመቅ አልመለስም አሉ። በብርዱ። አሁን እውነት አስሏቸዋል።

ሰኔ 13

መርፌው ተረጋጋ! መሀል አውድማውም ክምሩ አጠገብም አንድ ሆነ። አስተርጓሚው፣ ፕሮፌሶሬ ጨርሷል አለ።

ገለባ ልወስድ ስሄድ ጠራኝ። አንድ ወረቀት አሳየኝ። ነጥብ ነጥብ ሆኖ ተሰልፏል፣ እንደ ጉንዳን። አንድ ቦታ ላይ ሰልፉ ዘሎ ወጥቶ ተመልሷል። ጣቱን እዚያ ላይ አደረገ። ቀጥሎ ጣቱን ወደ መንገዱ፣ ቃሬዛው ወዳለፈበት።  ከዚያ ጣቱን ከንፈሩ ላይ አድርጎ ፈገግ አለ። ካራሜላም ሰጠኝ።

ያውቃል። አልተናገረም። ደግ ሰው ነው። ይኸው ጻፍሁት፦ ደግ ሰው ነው።

ነገ ወይ ተነገ ወዲያ ማረሻ ይመጣል። ደመናው ከፈት ብሏል። አባዬ በሬዎቹን ራሳቸው ሄደው አዩ። መሪጌታ በሬ አየ! ገለባ ለመሸከም ትንሽ ነው የቀረው።

ሰኔ 15፣ ስንት ሰዓት እንደሆነ እንጃ

አይመለስም።

ካፒታኖው ብረቱን በሙሉ ካሚዮን ላይ ጭኖ ወደ ደ/ማርቆስ ላከው። ማረሻ ጦር ይሆናል፣ ዶማ ምሽግ ይቆፍራል አለ። ከመጀመሪያውም ሐሳቡ ይኸው ነበር። መርፌው ሰበብ ነበር። የተደበቀ ብረት ኖረም አልኖረም አይመልስም ነበር። እኛ ደሴን ለአደጋ ሰጥተን፣ ባ/ራስን በተስቦ ገድለን፣ ለመርፌው አውድማ ጠረግንለት!

ሽማግሌዎቹ ሊለምኑ ሄዱ። ማን አስቀድሞ ይናገር ሲባባሉ ካፒታኖው ሄደ። አባዬ ፕሮ.ን ያዙት። ቃል ገብተህልናል፤ አንተ ትልቅ ሰው ነህ፤ አንድ ቃል ንገርልን አሉት። በልመና። አባቴ። ዳዊት በእጃቸው ይዘው። እኔ ከኋላቸው ቆሜ ያንን ፈገግታ ጠበቅሁ። አስተርጓሚው መለሰ፦ ፕሮፌሶሬ በጣም አዝናለሁ ይላል። ማኅበሩ የእውቀት ማኅበር ነው፣ በመንግሥት ጉዳይ አይገባም። ቁጥሩን አግኝቷል፣ ቁጥሩ ያማረ ነው፣ ያመሰግናችኋል።

ቁጥሩ ያማረ ነው።

አሁን ገባኝ። ያ ዝምታና ይህ ዝምታ አንድ ዝምታ ነው። ስለ ምንሽሮቹ ዝም ያለው ስለ ራራልን አይደለም። ምንሽሩም፣ ማረሻውም፣ ደሴም፣ ጤፉም ለሱ መርፌውን የሚያስቱ ነገሮች ናቸው። ከአጠገቡ ከራቁለት የት እንደሄዱ ግድ የለውም። ካፒታኖው ቢያንስ ይጠላናል። ይሄኛው አላየንም።

ሰኔ 13ን አልሰርዘውም። ደግ ሰው ነው ብዬ ጽፌያለሁ፤ እዚያው ይቅር፤ ባየሁት ቁጥር ልናደድበት። ካራሜላውን ለዶሮ ሰጠሁ። ዶሮዋም ተፋችው።

ሰኔ 16

ፕሮ. ሄደ። ከመሄዱ በፊት ጉድጓድ አስቆፍሮ፣ አዎ፣ አውድማ አስቆፍሮ፣ መሀል ላይ ጥርብ ድንጋይ ተከለ። አናቱ ላይ ምልክት አለው። ከዓመታት በኋላ የማኅበሩ ሰዎች ተመልሰው ልክ እዚህ ነጥብ ላይ መርፌ ያስቀምጣሉ፤ ምድር ምን ያህል እንደተለወጠች ያያሉ። ስለዚህ ድንጋዩ አጠገብ ብረት እንዳይደርስ፤ መንደሩ ኃላፊ ነው፤ ቢነካ መንደሩ ይቀጣል።

በሬዎቹ ታኅሣሥ ላይ እህል ሲያበራዩ በምን በኩል ይዙሩ? ማንም አልጠየቀም። ባ/ራስ ድንጋዩን ዞረው አይተው፣ ጥሩ አድርገው ተክለውታል አሉ። ከዚያ አሳላቸው። አልራራሁም።

ሰኔ 18፣ ረፋድ

እማዬ!

ጧት ምድጃውን ትጠርግ ነበር። አመዱን አወጣች፣ ጉልቻውን አነሣች፣ ከሥሩ ያረጀ ማረሻ ጎተተች። አያቴ ያረሱበት፣ ጫፉ አልቆ የሕፃን ምላስ የሚያህል። ያኔ ያልተከራከረችው ለዚህ ነው! አዲሱን ሰጥታ አሮጌውን ቀበረች። ለማንም አልተናገረችም፤ ለአባዬም። ለምን አልነገርሽኝም አልኳት። «አንቺ ትጽፊያለሽ» አለችኝ።

ለመንደሩ ሁሉ አንድ ማረሻ። አያ ሙላቱ በድንጋይ እየቀጠቀጠ ጫፉን አሾለው። ዛሬ ደቦ ተጀመረ፤ በየተራ፣ ከማሳ ማሳ። ሽማግሌዎቹ ወዲያው ሾላው ሥር ተቀመጡ፦ ማን ይቅደም? ባ/ራስ፣ ስለ አገር የታመመ ይቅደም አሉ። አባዬ፣ እኛ መጨረሻ እንሁን አሉ፤ ትሕትና ነው። ማረሻው የኛ! ምድጃው የኛ! መጨረሻ!

ስንቱ ይዘራል? ግማሹ ቢዘራ ደስ ይበለን። የኛ ተራ ሲደርስ ሐምሌ አልቆ ነው። ጤፍ ካልሆነ ጓያ እንዘራለን አሉ አባዬ። ጓያ ይብሉ እንግዲህ በትሕትና።

ሰኔ 21፣ ማርያም፣ ከቀትር በኋላ

አሰብሁ። ተቆጥቼ ሳስብ ነገር እንዲህ ጠርቶ ታይቶኝ አያውቅም።

አያ ሙላቱ ዘንድ ሄድሁ። ሽማግሌዎቹ ቡዳ ነው ብለው እጁን አይጨብጡትም፤ ማረሻቸውን ሲያሾልላቸው ግን እጁን ያያሉ። የብረት አር ስጠኝ አልሁት። ስንት አለ። በእንቅብ አልሁት። ለምን እንደሆነ አልጠየቀኝም። ጓሮውን አሳየኝና የራሱን ከረጢትም ጨመረልኝ።

የሚቀጥለውን ታውቃለህ፣ ደብተሬ። ፕሮ. ራሱ ነው ያስተማረኝ፤ መርፌዋ ያንን ጥራጊ ስታይ እንዴት እንዳበደች አይቻለሁ። ድንጋዩን አልነካም። ቢነካ መንደሩ ይቀጣል ብለዋል፤ ድንጋዩ እንደቆመ ይቁም። ዙሪያውን ብቻ፣ አውድማው ዳር፣ ዳሩን ሁሉ፣ ገለባ እንደማነሣ ሆኜ፣ አንድ እፍኝ፣ አንድ እፍኝ፣ ጠለቅ አድርጌ። ጥቁር ነው፣ ከጥቁር አፈራችን አይለይም። ዛሬ እንቅብ፣ ነገ እንቅብ። ክረምቱ ያሰምጠዋል።

ይምጡ። ሣጥናቸውን ያስቀምጡ። ከሰሜኑ ባሕር እስከ ደቡቡ ጫፍ መርፌያቸው ሁሉ ይስማማ፤ እዚህ ሲደርስ ግን ዕረፍት አያግኝ። ሰሜንን ይፈልግ፣ ይፈልግ፣ አያግኘው። ቁጥሩ አይመር!

አውድማ አይቆፈርም። አውቃለሁ። አባዬ ቢሰሙ ንስሐ ያስገቡኛል። ገብቼ እመጣለሁ።

እንቅቡ ከበደ። በሩ ላይ አሳርፌው ነው ይህን የምጽፍ። እማዬ ከጓሮ መጣች። ያ ምንድን ነው አለች። አር ነው፣ ለአውድማው አልኳት። ጎንበስ ብላ አንዱን አነሣች፣ በእጇ መዘነችው፣ ወደ ድንጋዩ በኩል አየች። ሌላ እንቅብ ከጓዳ አወጣች።

«ያንን ደብተር አስቀምጪና ነይ፣ እኔ በምሥራቁ በኩል፣ አንቺ በምዕራቡ።»